ግራ የሚገባን ለምንድን ነው?

«ግራ ገባኝ» ሳይል ውሎ የሚያድር የአማርኛ ተናጋሪ አለ ቢሉኝ አላምንም። ልቅሶ ቤት ገብቶ ከተደረደሩት ሐዘንተኞች ማንን አስቀድሞ ማጽናናት እንዳለበት ያልለየ ሰው ግራ ይገባዋል። ሠርግ ላይ ከማያውቃቸው ሽማግሎች መካከል የተቀመጠ ጎረምሳ፣ አዲስ እንግዳ በገባ ቁጥር ይነሣ ይቀመጥ፣ እጁን ኪሱ ይክተት ጉልበቱ ላይ ያሳርፍ፣ ግራ ይገባዋል። ሰላምታ ሲሰጣጡ አንዱ ሦስት ጊዜ ለመሳም ሲዘጋጅ ሌላው በሁለት ካበቃ፣ በመካከል አየር ላይ የቀረው ጉንጭ ግራ የገባው ጉንጭ ነው። እንዲህ ያለውን ዓይነት መደናበር፣ ከእፍረት ያነሰ ከመቸገር የበለጠ ስሜት፣ አማርኛ በሌላ ቃል እንዲህ አድርጎ አይገልጸውም።

ታዲያ እስቲ ቃሉን ቆም ብለን እንየው። «ገባኝ» ብቻውን ሲሆን ተረዳሁ ማለት ነው። ነገሩ ከውጭ መጥቶ ወደ ውስጤ ገባ፤ አወቅሁት። «ግራ ገባኝ» ስንል ግን ወደ ውስጥ የገባው ነገሩ አይደለም፤ ግራ ነው። በሩ ያው አንድ በር ነው፤ ወይ ነገሩ ይገባል፣ ወይ ግራ ይገባል። «ቀኝ ገባኝ» የሚል ሰው ደግሞ ሰምቼ አላውቅም። ቀኝ የሚያስፈልገን ለምርቃት ነው፤ ጠዋት ከቤት ስንወጣ «ቀኝ አውለኝ» እንላለን። ሲነጫነጭ የዋለውን ሰው ደግሞ «ዛሬ በግራ ጎንህ ነው እንዴ የተነሣኸው?» ብለን እንጠይቀዋለን።

ይህን ሁሉ እንዳስብ ያደረገችኝ የስድስት ዓመቷ የእኅቴ ልጅ ናት። ልጅቷ ግራኝ ናት። እርሳስም ማንኪያም ኳስም የምትይዘው በግራዋ ነው። ባለፈው ዓመት ትምህርት ቤት በገባች በሁለተኛው ሳምንት ደብተሯን ስናይ፣ እቤት የጻፈቻቸው ፊደላት ቀጥ ብለው የቆሙ፣ ክፍል ውስጥ የጻፈቻቸው ግን ነፋስ የመታው አጥር መስለው ተገኙ። አስተማሪዋ እርሳሱን ከግራ እጇ ወደ ቀኝ እያዛወረችባት ኖሯል። እኅቴ ተናደደች። እናቴ ግን ቡናዋን እየቀዳች፣ «ደግ አደረገች፤ በኋላ ሰው ፊት እንጀራ በግራዋ ልትቆርስ ነው?» አለች።

እናቴ ብቻዋን አይደለችም። በአገራችን ቀኝ የሚበላበት፣ የሚሰጥበት፣ የሚጨበጥበት እጅ ነው። ግራ ከመታጠቢያ ቤት ጋር የተያያዘ ሥራ ይቀርለታል። ለሽማግሌ ዕቃ የሚያቀብል ልጅ ወይ በቀኙ ወይ በሁለት እጁ ያቀብላል እንጂ በግራው ብቻ ቢዘረጋ ስድ ይባላል። ክርስቲያኑም እስላሙም በዚህ አይለያዩም። የኦርቶዶክስ ምእመን ሲያማትብ እጁን ከግንባሩ ወደ ደረቱ አውርዶ ከግራ ትከሻው ወደ ቀኝ ትከሻው ይወስዳል፤ ካህናቱም ከሲኦል ወደ ገነት፣ ከሞት ወደ ሕይወት መሻገራችንን ለማመልከት ነው ብለው ይተረጉሙታል። ከጌታ ጋር ከተሰቀሉት ከሁለቱ ወንበዴዎች ቀድሞ ገነት የገባው «ፈያታዊ ዘየማን» ነው፤ የቀኙ ወንበዴ። በመጨረሻው ፍርድም ፍየሎቹ የሚቆሙት በግራ ነው።

ይህ ግን የእኛ ብቻ አመል እንዳይመስላችሁ። ላቲኖች ግራን «ሲኒስተር» ይሉት ነበር፤ ዛሬ ቃሉ በእንግሊዝኛ ክፋት ያዘለ፣ የሚያስፈራ ማለት ሆኗል። ቀኝን «ዴክስተር» ይሉት ነበር፤ ከእርሱ የቅልጥፍና ስም ወጣ። የእንግሊዞች «ሌፍት» ራሱ በጥንቱ ቋንቋቸው ደካማ ከሚል ቃል የመጣ ነው። ግሪኮች ደግሞ ግራን በስሙ መጥራት ፈርተው «አሪስተሮስ»፣ የተሻለው፣ እያሉ ያባብሉት ነበር፤ የእኛ ሰው ዛርን በክፉ ስም እንዳይጠራ እንደሚጠነቀቀው መሆኑ ነው። ከሁሉ የሚያስቀው የፈረንሳይኛው ነው። ፈረንሳዮች ግራን «ጎሽ» ይሉታል። ይኸው ቃል በማኅበር መካከል እጅና እግሩ የሚወላከፍበትን፣ የማይሆን ነገር በማይሆን ሰዓት የሚናገረውን ሰውም ይገልጻል፤ እንግሊዞችም ወደውት ወስደውታል። እንግዲህ አንድ ፈረንሳዊ ያገራችንን ልጅ «ጎሽ!» ቢለው፣ ልጁ ተመሰገንኩ ብሎ ደረቱን ሊነፋ ይችላል።

ወደ ራሳችን ቃል እንመለስ። «ግራ» ከግእዝ የወረስነው አይደለም። በግእዝ ቀኝ «የማን»፣ ግራ «ፀጋም» ነው፤ ትግርኛ ሁለቱንም እንደያዘ አለ። «የማን» ከዐረብኛው «የሚን» ጋር ወንድማማች ነው። የጥንት ሴማውያን ፊታቸውን ወደ ፀሐይ መውጫ አዙረው አቅጣጫ ሲቆጥሩ ቀኛቸው ደቡብ፣ ግራቸው ሰሜን ላይ ይውል ስለነበር፣ በቀኝ በኩል ያለችው አገር የመን ተባለች። ዐረብኛው «ሺማል»ም ግራ ማለት ነው፤ ሰሜን ማለትም ነው። (በነገራችን ላይ፣ በጥንቱ ግእዝ «ደቡብ» ሰሜን፣ «ሰሜን» ደቡብ ነበር። የሰሜን ተራሮች ለአክሱም በደቡብ በኩል መሆናቸውን ያስታውሷል። አቅጣጫ ከዘመን ወደ ዘመን ግራ ሲጋባ ከዚህ የበለጠ ምሳሌ ከየት ይመጣል?) አማርኛ ግን «የማን»ንም «ፀጋም»ንም ለቤተ ክርስቲያን ትቶ «ቀኝ»ና «ግራ»ን ያዘ። ለ«ግራ» ዘመዶቹን ያገኘነው ወደ ደቡብና ወደ ምሥራቅ ወርደን ነው፤ በሐረሪና በጉራጌ ቋንቋዎች ግራ «ጉራ» ነው። ሶማሌዎች ግራኝ የሆነውን ሰው «ጉሬይ» ይሉታል።

«ጉሬይ» ስል አንባቢ ወደ ማን እንደምሄድ ገብቶታል። ከእርሱ በፊት ግን መጽሐፍ ቅዱስን ትንሽ ልግለጥ፤ ምክንያቱም ግራኝነት እዚያም ቤት ድንቅ ነገር ሠርቷል። በትንቢተ ዮናስ መጨረሻ ላይ ፈጣሪ ነነዌን ለምን እንደማራት ሲናገር ቀኝና ግራቸውን የማይለዩ ከ120 ሺህ የሚበልጡ ሰዎች እንዳሉባት ይገልጻል። ምናልባት ሕፃናቱን ነው፤ ምናልባትም ሁሉንም። ያም ሆነ ይህ፣ ግራ ለገባው ሰው ከዚህ የተሻለ ጠበቃ አላየሁም፤ አንድ ከተማ ሙሉ ግራ ስለገባው ከጥፋት ዳነ። በየዓመቱ በጾመ ነነዌ ሦስት ቀን የምንጾመው የዚያን ከተማ ጾም ነው።

ከዚያ ደግሞ መጽሐፈ መሳፍንት አለ። «ብንያም» በዕብራይስጥ የቀኝ እጅ ልጅ ማለት ነው። ሆኖም በመጽሐፉ ውስጥ ግራኞች የሚገኙት በብንያም ነገድ ነው! ድንጋይ ወንጭፈው ፀጉር የማይስቱ 700 ግራኞች ነበሩበት። ከእነሱ በፊት የተነሣው መስፍን ናዖድም ብንያማዊና ግራኝ ነው። ለሞዓብ ንጉሥ ግብር ሊያደርስ ሲሄድ ሰይፉን በቀኝ ጭኑ ላይ ታጠቀ። ሰው ሁሉ ሰይፍ የሚታጠቀው በግራ፣ የሚመዘውም በቀኝ ስለሆነ፣ የንጉሡ ሰዎች ቀኝ ጭኑን የሚጠረጥሩበት ምክንያት አልነበራቸውም። ንጉሡ ያልጠበቀው እጅ ገደለው።

ይህን ስም አንባቢ ከኢትዮጵያ ነገሥታት ዝርዝርም ያውቀዋል። እስከ 1500 ዓ.ም. የነገሠው አፄ ናዖድ ስሙ የዚያ ግራኝ መስፍን ስም ነው። ልጁና አልጋ ወራሹ ደግሞ አፄ ልብነ ድንግል ነው። በግራኙ ናዖድ ስም የተጠራው ንጉሥ ልጅ፣ በ1521 ዓ.ም. በመጋቢት ወር ሽምብራ ኩሬ ላይ ከእርሱ በቁጥር ያነሰ ጦር ገጠመው፤ ድል ሆነ። ድል ያደረጉት ኢማም አህመድ ኢብን ኢብራሂም አል-ጋዚ ነበሩ፤ ግራኝ። ታሪክ እንዲህ ዓይነቱን ቀልድ ሲቀልድ ማንም አይስቅም።

ኢማሙ ከዚያ በኋላ ለአሥራ አራት ዓመት ያህል ያደረጉት ዘመቻ በትምህርት ቤት የተማርነው ነው። ልብነ ድንግል ከአምባ አምባ ሲሳደድ ኖሮ በ1533 ዓ.ም. ደብረ ዳሞ ላይ ሞተ፤ ኢማሙም በየካቲት 1535 ዓ.ም. ወይና ደጋ ላይ ከልብነ ድንግል ልጅ ከገላውዴዎስና ከፖርቱጋሎቹ ጦር ጋር ሲዋጉ ወደቁ። እኔን የገረመኝ ሌላ ነው። ዘመቻውን በዐረብኛ የጻፈው አረብ ፈቂህ ጌታውን የሚያከብረው በኢማምነቱ ነው፤ የሐረር ሰውም ኢማም አህመድ ይለዋል። ሶማሌው «ጉሬይ» ሲል በኩራት ነው። የደጋው አማርኛ ተናጋሪ ግን ስሙንም ማዕረጉንም ትቶ እጁን ብቻ ያዘ። ያንኑ አንዱን የሰውነት ነገር አንዱ ለጀግንነት፣ ሌላው ለድንጋጤ ስም አደረገው። በደጋው ትዝታ ውስጥ «ግራኝ» የአንድ ሰው ስም መሆኑ ቀርቶ የጥፋት ሁሉ ስም ሆኗል፤ የፈረሰ ቤተ ክርስቲያን ፍራሽ ባለበት ሁሉ፣ ዘመኑ ቢገጥምም ባይገጥምም፣ ያፈረሰው ግራኝ ነው።

ለዚህ ጥሩ ማስረጃ ጢያ ላይ ቆሟል። ከአዲስ አበባ ወደ ቡታጅራ በሚወስደው መንገድ፣ በሶዶ፣ የሚገኙት ትክል ድንጋዮች በ1972 ዓ.ም. በዩኔስኮ የዓለም ቅርስነት ተመዝግበዋል። ቁጥራቸው 36 ነው፤ ከእነዚህም 32ቱ የተቀረጸ ምልክት አለባቸው፤ ከምልክቶቹ ብዙው ሰይፍ ነው። የአካባቢው ሰው «የግራኝ ድንጋይ» ይላቸዋል። የአርኪዎሎጂ ባለሙያዎች ግን ድንጋዮቹ ኢማሙ ከመወለዳቸው በፊት የቆሙ የመቃብር ምልክቶች መሆናቸውን አረጋግጠዋል። ሰይፉን ያየ ሰው ሌላ ባለሰይፍ አልመጣለት ብሎ ይመስለኛል። ለመሆኑ በዚያ አገር ልጅ በግራው ሲጽፍ የምታይ አያት ምን ትዝ ሊላት ይችላል? እጅ አይደለም የምታየው፤ ታሪክ ነው።

ደግሞ ግራ ሁልጊዜ ውርደት አልነበረም። በነገሥታቱ ዘመን ሠራዊት ሲሰለፍ ከፊት ፊታውራሪ፣ በቀኝ ቀኛዝማች፣ በግራ ግራዝማች ይመራ ነበር፤ ከስሙ እንደሚታየው ግራዝማች የግራው አዝማች ነው። እርግጥ ነው በማዕረግ ቀኛዝማች ይበልጠዋል። ሆኖም ግራ ክንፍ የሌለው ጦር ጦር አይደለም። ፖርቱጋላዊው ቄስ አልቫሬዝ በልብነ ድንግል ቤተ መንግሥት በነበረበት ጊዜ ሁለት ብሕትወደዶች፣ አንዱ የቀኝ አንዱ የግራ፣ እንደነበሩ ጽፏል። በቤተ ክርስቲያንም ከመሪ ጌታው ጋር ቀኝ ጌታና ግራ ጌታ ይቆማሉ፤ አንዱ ወገን ሲመራ ሌላው ይቀበላል። ማኅሌት የቆመ ሰው ያውቀዋል፣ ግራው ዝም ካለ ዜማው አንካሳ ነው።

ፍርድ ቤት ደግሞ ከዚህም የጠራ ነው። ዳኛ ውሳኔውን ሲያነብ «የግራ ቀኙን ክርክር መርምረናል» ይላል። ግራ ቀኙ ከሳሽና ተከሳሽ ናቸው። እዚህ ላይ ግራ መጥፎ፣ ቀኝ ጥሩ አይደለም፤ ሁለት ሰው፣ ሁለት ጆሮ ነው። «ግራ ቀኙን ያየ» የምንለው አስተዋይ ሰው ነው። እንዲያውም «ግራ መጋባት» የሚለው አነጋገር ከዚህ ዓይነቱ መንታ ነገር የራቀ አይመስለኝም፤ ግራ የሚገባው ግራውንም ቀኙንም አይቶ የቱን እንደሚመርጥ ያልወሰነ ሰው ነው። የቸኮለ ሰው ግራ አይገባውም።

አገር በሙሉ ግራና ቀኙን የቀየረበት ቀንም አለን። ቀድሞ በኢትዮጵያ መኪና የሚነዳው በመንገዱ ግራ በኩል ነበር። ሰኔ 1 ቀን 1956 ዓ.ም. ወደ ቀኝ ተዛወረ። ስዊድን በ1967 እ.አ.አ. ተመሳሳዩን ስታደርግ ወሬው ዓለምን አዳርሶ ነበር፤ እኛ ግን ሦስት ዓመት ቀድመናታል። ዛሬ በቀኝ የምንነዳው ተፈጥሮ ሳይሆን አዋጅ ስለሆነ ነው። አንድ ቀን ማታ ትክክል የነበረው በማግሥቱ ጠዋት ሰው የሚያስገጭ ሆኖ አደረ።

ከዚያ ዐሥር ዓመት ሳይሞላ ሌላ አዋጅ መጣ። በ1789 እ.አ.አ. የፈረንሳይ ጉባኤተኞች ሲቀመጡ ለውጥ ፈላጊዎቹ ከሊቀ መንበሩ በስተግራ፣ የንጉሡ ደጋፊዎች በስተቀኝ በመሰባሰባቸው የተፈጠረው የፖለቲካ ቋንቋ፣ በ1966ቱ አብዮት አዲስ አበባ ገባ። ለመጀመሪያ ጊዜ በታሪካችን ግራ የክብር ወገን ሆነ። «ይውደም!» ሲባል የሚነሣው የግራ እጅ ጡጫ ነበር። በቀበሌ ስብሰባ ላይ በልማዱ ቀኙን የሚያነሣ አዛውንት ጎረቤቱን አየት አድርጎ እጅ መቀየር ነበረበት። ቀኝ በተራው ስድብ ሆነ። መኢሶን ከደርግ ጋር በተለያየ ጊዜ በ1969 ዓ.ም. ክረምት የተለጠፈበት ስም «ቀኝ መንገደኛ» የሚል ነበር፤ በዚያ ስም የታሰረውና የሞተው ብዙ ነው። ልጁን በቀኝህ ጻፍ ብሎ የቀጣ አባት፣ አደባባይ ወጥቶ ቀኝ ነህ እንዳይባል በግራው ጡጫ ሲማፀን ዋለ። እንደዚያ ዘመን ግራ ያጋባ ዘመን ስለሌለ ይሆናል ቃሉ እስከ ዛሬ ያልደከመው።

አንድ ነገር ግን አዋጅም ዘመቻም ሳይነካው ቀርቷል። ሔዋን ከአዳም ጎን መፈጠሯን መጽሐፉ ይናገራል፤ የቱ ጎን እንደሆነ ግን አይናገርም። ትርጓሜው ከግራው ነው አለ። በዚህም ምክንያት አማርኛ ተናጋሪ የትዳር ጓደኛውን «የግራ ጎኔ» ይላል። እጁ ሲሆን የሚነወረው ግራ፣ ጎን ሲሆን ይወደዳል። ጠዋት በግራ ጎኑ ተነሥቶ የተነጫነጨው ባል፣ ማታ የሚመለሰው ወደ ግራ ጎኑ ነው።

ይህን ሁሉ ለእናቴ አጫወትኳት። ከሰው መካከል ዐሥር ሰው ቢቆጠር አንዱ ግራኝ እንደሚሆን፣ ሕመምም እርግማንም እንዳልሆነ ነገርኳት። ዝም ብላ ሰማችኝና ሲኒዋን አስቀመጠች።

«አንተስ?» አለችኝ።

«እኔ ምን?»

«አንተም እኮ እንደሷ ነበርክ። ቄስ ትምህርት ቤት ከመግባትህ በፊት በነጠላ ጥለት ክንድህን ከወገብህ ጋር አስሬ ነው ያስተውኩህ። ታለቅስ ነበር። ሁለት ወር ሳይሞላህ ተውክ።»

ምንም ትዝ አይለኝም። የእጅ ጽሑፌ ግን ከድሮም አስቀያሚ ነው፤ ጋዜጠኝነት ስማር አስተማሪዎቼ ፈተናዬን ማንበብ አቅቷቸው እያስጠሩ ያስነብቡኝ ነበር። በር ስከፍት የቱን ቁልፍ በየቱ እጅ እንደምይዝ ሁልጊዜ ለአንድ አፍታ አመነታለሁ። በሰው ፊት እጄን የት እንደማደርገው ስለማላውቅ ፎቶግራፍ ሁሉ ላይ እጄ ከኋላዬ ነው። ይህን ሁሉ ዕድሜዬን አመል ነው እያልኩ ኖሬያለሁ። እናቴን ምን እንደምላት አላውቅም ነበር፤ እርሷም የጠበቀችው ነገር ነበረ መሰለኝ፣ ዓይኗን ከፊቴ አላነሣችም። «ክፉ አስቤ አይደለም» አለች በመጨረሻ። «ሰው እንዳይስቅብህ ብዬ ነው።»

በማግሥቱ እኅቴና እኔ ትምህርት ቤቱ ሄደን አስተማሪዋን አነጋገርን። ወጣት ናት፤ አልተቆጣችም። እርሷንም ልጅ ሆና እንዲሁ እንዳረሟት ነገረችን። ልጅቷ በግራዋ ትጽፍ ዘንድ ተስማማን፤ አጠገቧ የሚቀመጠው ልጅ ክርኗ እንዳይገፋው ብቻ ከአግዳሚው ግራ ጫፍ እንድትቀመጥ ተደረገ።

ማታ ልጅቷ ደብተሯን ይዛ መጣችና አንድ ወረቀት ሰጠችኝ። ስሜን በግራ እጄ እንድጽፍ ፈለገች። እርሳሱን ያዝኩት። የመጀመሪያውን ፊደል ስጀምር እናቴ ከጓዳ ብቅ ብላ ቆማ አየችን፤ ምንም አላለችም።